ከሥር ያለው ድምፅና የድርሻው ነገር

አንድ ዘፈን ደስ ሲለን የምንጠራው የዘፋኙን ስም ነው። «የእገሌን ዘፈን ሰማችሁት?» እንባባላለን እንጂ «ቤዝ ጊታሩን የተጫወተው ማነው?» ብሎ የሚጠይቅ ከመካከላችን እስከ ዛሬ አልገጠመንም። ዘፋኙ ከፊት ይቆማል፤ መብራቱም እሱ ላይ ነው። ሊድ ጊታር የያዘውም አልፎ አልፎ ወደ ፊት ወጣ ይልና ይጨበጨብለታል። ቤዝ የያዘው ግን ከድራሙ አጠገብ፣ ጥላው ውስጥ ቆሞ ሥራውን ይሠራል። ዝግጅቱ ሲያልቅ ዕቃውን ጠቅልሎ ይሄዳል።

እኛ ዛሬ በዚህ ሰሌዳ ላይ ልናወጋችሁ ያሰብነው ስለ እንዲህ ያለው ሰው ነው። ስሙ አንዲ ሮርክ ይባላል። አገሩ እንግሊዝ፣ ከተማው ማንቸስተር፣ ባንዱም ዘ ስሚዝስ ነው። «የእንግሊዝ ቤዝ ተጫዋች ታሪክ ለመምህራን ማሠልጠኛ ምን ይረባዋል?» የሚል ቢኖር አንቀየመውም። እስከ መጨረሻው ብቻ ይታገሠን። ነገሩ ከሙዚቃ ተነሥቶ ወደ ድርሻ ይሄዳል፤ የድርሻ ነገር ደግሞ የሁላችንም ጉዳይ ነው። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ እናስታውቃለን።

ቤዝ ስንል ምን ማለታችን ነው?

ሙዚቃ ለማያዘወትሩ ጓደኞቻችን ሲባል በቅድሚያ መሣሪያውን እናስተዋውቅ። የተለመደው ጊታር ስድስት ክር አለው፤ ቤዝ ጊታር ግን ብዙውን ጊዜ አራት ነው። ክሮቹ ወፍራምና ረዣዥም ናቸው። የጊታር ወፍራሙ ክር ሲመታ በሴኮንድ 82 ጊዜ ያህል ይርገበገባል፤ የቤዙ ወፍራም ክር ግን 41 ጊዜ ያህል ብቻ፣ ማለትም ግማሹን ነው። በፊዚክስ እንደተማርነው መርገብገቡ ባነሰ ቁጥር ድምፁ ጎርነን ይላል። ለዚህ ነው ቤዝ ከጊታሩ በአንድ ኦክታቭ ዝቅ ብሎ የሚሰማው። አሜሪካዊው ሊዮ ፌንደር በ1951 ኤሌክትሪክ ቤዝ ጊታር ሠርቶ ለገበያ ከማቅረቡ በፊት አብዛኞቹ ሙዚቀኞች የሚጫወቱት ቁመቱ ከሰው የሚበልጠውን ትልቁን የእንጨት ቤዝ ነበር።

እኛ ይህን ነገር የተረዳነው በጆሯችን ነው። በማደሪያችን አልጋ ላይ ሆነን የስሚዝስን ዘፈን በሞባይል ከፍተን ስንሰማ ድምፃዊው ይሰማል፤ ጊታሩ ይሰማል፤ ድራሙም ጠሽ ጠሽ ይላል። ቤዙ ግን የለም ማለት ይቻላል። ትንሿ የሞባይል ድምፅ ማጉያ ያን ወፍራም ድምፅ ገፍታ የምታወጣበት አቅም የላትም። ያንኑ ዘፈን በጆሮ ማዳመጫ ስንሰማው ጊዜ «እንዴ! ይሄ ደግሞ ከየት መጣ?» ተባባልን። ለካስ ከሥር አንድ ሰው ሌላ ዜማ እያዜመ ኖሯል።

ቤዝ ሁለት ሥራ አለው። አንደኛው ከድራሙ ጋር ተጣምሮ ምቱን መጠበቅ ነው። ሁለተኛው ደግሞ ለዜማው መቆሚያ መስጠት ነው። በሰርግ ቤት ከበሮው ድንገት ቢቆም ምን ይሆናል? ዘፋኟ አለች፤ ግጥሙም አለ፤ ጭብጨባውም አለ፤ ግን እግር ይታሰራል፤ ትከሻም ይቀዘቅዛል። የቤዝ ነገርም እንዲሁ ነው። መኖሩን ልብ የማይለው ሰው ሁሉ መጥፋቱን ወዲያው ያውቃል።

የማንቸስተር ልጆች

አንዲ ሮርክ በጃንዋሪ 17 ቀን 1964 ማንቸስተር ተወለደ። ማንቸስተር በ19ኛው ክፍለ ዘመን በጥጥ መፍተያና በሽመና ፋብሪካዎቿ ዓለም ያወቃት ከተማ ነበረች። አንዲና እኩዮቹ ለሥራ በደረሱበት ጊዜ ግን ብዙዎቹ ፋብሪካዎች ተዘግተው ሥራ አጡ በርክቶ ነበር። ስለዚህ ጊታር ያለው ጊታሩን፣ ኳስ የሚችልም ኳሱን ይዞ ዕድሉን ይሞክር ነበር።

አንዲ ገና የ7 ዓመት ልጅ ሳለ ወላጆቹ ጊታር ሰጡት። በ1975፣ በ11 ዓመቱ፣ ትምህርት ቤት ውስጥ ጆኒ ማር ከሚባል ልጅ ጋር ተዋወቀ። ማርም እንደሱ የጊታር ፍቅር የያዘው ነበር። የሁለቱ ጓደኝነት የተጀመረው እንዲህ፣ በጊታር ምክንያት ነው። አሥራ አምስት ዓመት ሲሆናቸው ማር ጓዙን ጠቅልሎ አንዲና ሦስት ወንድሞቹ ይኖሩበት ወደነበረው ቤት ገባ። አንዲ በዚያው ዕድሜው ትምህርት ቤቱን ለቀቀ። በተማሪዎች መዝገብ ሲታይ ያቋረጠ ልጅ ነው። በእጁ ሲታይ ግን በየቀኑ ለሰዓታት የሚያጠና፣ አስተማሪ ሳይቆምበት ራሱን የሚያስተምር ተማሪ ነበር። ነገ ክፍል ውስጥ ቆመን «ይሄ ልጅ አይረባም» ለማለት ስንቃጣ ይህችን ነገር ብናስታውሳት ጥሩ ነው።

በመጀመሪያ ሁለቱም የሚጫወቱት ጊታር ነበር። ግን ሁለት ሰው በአንድ ቦታ ላይ ቢሻማ ባንድ አይሆንም። ማር ጊታሩን እንደያዘ ቀረ፤ አንዲ ቤዙን አነሣ። ቤዙም ተስማማው። ከድሮው የጊታር ልምዱ የተነሣ ግን ምት በመጠበቅ ብቻ አልረካም፤ በአራቱ ክሮች ዜማ ማውጣት ጀመረ። ኋላ ስሙን ያስጠራውም ይሄው ነው።

በ1982 ማር ሞሪሲ ከሚባል ግጥም ጸሐፊና ድምፃዊ ጋር ሆኖ ዘ ስሚዝስን መሠረተ። ማይክ ጆይስ ድራሙን ያዘ። የመጀመሪያው ቤዝ ተጫዋች ብዙ ሳይቆይ ወጣና ማር የልጅነት ጓደኛውን ጠራው። እንዲህ ሆኖ አራት ሆኑ።

ኢንዲ ማለት

ይህ ባንድ «ኢንዲ» ከሚባሉት ወገን ነው። ቃሉ የመጣው «በራሱ የቆመ» ከሚለው የእንግሊዝኛ ቃል ነው። በዚያን ጊዜ የሸክላውን ገበያ የያዙት ጥቂት ታላላቅ ኩባንያዎች ነበሩ። ከእነሱ ውጪ በትንሽ ገንዘብ ሸክላ የሚያሳትሙ አነስተኛ ድርጅቶች ሲነሡ ከእነሱ ጋር የሚሠሩት ባንዶች ኢንዲ ተባሉ። ቆይቶ ቃሉ የሙዚቃው ዓይነት መጠሪያ ሆነ። ከእነዚህ ድርጅቶች አንዱ ራፍ ትሬድ ነው። በ1976 ለንደን ውስጥ በሸክላ መሸጫ ሱቅነት ተጀምሮ በ1978 ራሱ ማሳተም ጀመረ። ስሚዝስ የመጀመሪያ ሸክላቸውን በ1983 ያወጡት በዚሁ ድርጅት ነው።

ከዚያ በኋላ የሆነው እንደ ውኃ ሙላት ነበር። በዚያው ዓመት ማብቂያ ላይ የወጣው «ዚስ ቻርሚንግ ማን» በእንግሊዝ የሽያጭ ሠንጠረዥ 25ኛ ደረሰ። በ1984 የመጀመሪያው አልበም ወጣና 2ኛ ሆነ። በ1985 «ሚት ኢዝ መርደር» የተሰኘው 1ኛ ወጣ። በ1986 «ዘ ኩዊን ኢዝ ዴድ»፣ በ1987 ደግሞ የመጨረሻው ተከተለ። አራት አልበም በአራት ዓመት! አንዲ የመጀመሪያው ሲወጣ የ20 ዓመት ወጣት ነበር፤ ያው እንደ ብዙዎቻችን ማለት ነው።

ጓደኞቻችን «ዚስ ቻርሚንግ ማን»ን እንዲሰሙት እንመክራለን፤ በጆሮ ማዳመጫ ይሁን እንጂ። ቤዙ ዝም ብሎ አይከተልም፤ ይዘላል፤ ይመለሳል፤ ጊታሩን እንደ መሸለም ይለዋል። አካሄዱ በ1960ዎቹ በአሜሪካ ዲትሮይት ከተማ ሞታውን የሚባለው ድርጅት ያሳትማቸው የነበሩትን ዘፈኖች ያስታውሳል። ሞታውን ካነሣን ዘንድ አንድ ነገር እንጨምር። በዚያ ድርጅት በብዙ ታላላቅ ዘፈኖች ላይ ቤዝ የተጫወተው ጄምስ ጄመርሰን የሚባል ሰው ነበር። ዓለም በሱ ቤዝ ሲጨፍር ኖሮ ስሙ በሞታውን አልበም ሽፋን ላይ የታተመለት በ1971 በማርቪን ጌይ «ዋትስ ጎይንግ ኦን» ነው። አሥር ዓመት ያህል የሠራ ሰው እኮ ነው! የቤዝ ሰዎች ዕጣ በአንዲ አልተጀመረም ለማለት ያህል ነው።

ለእኛ ለመምህራን የሚሆን አንድ አልበም

በ1985ቱ አልበም ውስጥ በቀጥታ እኛን የሚነኩ ሁለት ዘፈኖች አሉ። የመጀመሪያው «ዘ ሄድማስተር ሪቹዋል» ይባላል፤ በማንቸስተር ትምህርት ቤቶች መምህራን ተማሪዎችን እንዴት ይደበድቡ እንደነበር የሚናገር ነው። ሁለተኛው ርዕሱ ወደ አማርኛ ሲመለስ «አረመኔነት ከቤት ይጀምራል» የሚል ነው፤ ስለሚመታ ሕፃን የተዘፈነ ነው። ይህ ሁለተኛው ወደ ሰባት ደቂቃ የሚጠጋ ሲሆን የአንዲ ቤዝ ከሁሉ በላይ ወደ ፊት የወጣበት ዘፈን እሱ ነው። ጉዳዩ የሚያሳዝን፣ ቤዙ ግን የሚያስጨፍር ነው። ሰው እየጨፈረ ስለ ዱላ ይሰማል። ዘፈኑ ከጆሮ እንዳይወጣ ያደረገው ከሥር ያለው ድምፅ ይመስለናል።

አልበሙ በወጣበት ዓመት በእንግሊዝ የመንግሥት ትምህርት ቤቶች መምህር ልጅን መምታቱን የሚከለክል ሕግ ገና አልነበረም። ሕጉ በ1986 ወጥቶ በሥራ ላይ የዋለው በ1987 ነው። በእኛም አገር በ1995 የጸናው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 36 ላይ ልጆች በትምህርት ቤት ከአካል ቅጣት ነፃ የመሆን መብት እንዳላቸው ደንግጓል። ሕጉ ይህ ሆኖ ሳለ ከመካከላችን አርጩሜ ሳይቀምስ ፊደል የቆጠረ ስንቱ ነው? ይህን ቁጥር ልንለውጥ የምንችለው ነገ ክፍል የምንገባው እኛው ነን። ሕጉ ወረቀት ላይ ነው፤ አርጩሜው ግን የመምህሩ እጅ ላይ ነው።

መውደቅና መነሣት

የአንዲን ታሪክ አሳምረን ብቻ ብናቀርበው እውነት አይሆንም። ባንዱ ስመ ጥር በሆነበት ወቅት አንዲ ሄሮይን የሚባለው አደገኛ ዕፅ ሱሰኛ ሆኖ ነበር። በ1986 መጀመሪያ ላይ ከባንዱ ተሰናበተ። መሰናበቱን ያወቀው ሞሪሲ በመኪናው መስተዋት ላይ ትቶለት ከሄደው ፖስት ካርድ እንደሆነ አንዲ ተናግሯል፤ ሞሪሲ ግን ይህን አስተባብሏል። የሆነው ሆኖ ብዙም ሳይቆይ ተመልሶ ተጠራ። በእሱ ቦታ የገባው ልጅም ወደ ሁለተኛ ጊታር ተዛወረ።

ይህ ምን ያሳያል? ጓደኛ ሲወድቅ ማባረር ቀላል ነው። መልሶ መጥራት ግን ልብ ይጠይቃል፤ ለባንዱም የበጀው እሱ ነው። በዚያው ዓመት የወጣው «ዘ ኩዊን ኢዝ ዴድ» እስከ ዛሬ ድረስ ብዙዎች የባንዱ ታላቅ ሥራ ነው የሚሉት ነው። በሱ ላይ የሚሰማው ቤዝ የአንዲ ነው።

ድርሻው ስንት ነው?

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ እንግባ። በ1987 ማር ባንዱን ለቀቀና ስሚዝስ ፈረሰ። አንዲ ያኔ ገና 23 ዓመቱ ነበር። ባንዱ ሲፈርስ ታዲያ የገንዘቡ ነገር መጣ።

ከቀረጻና ከመድረክ ይገኝ ከነበረው ገቢ ሞሪሲና ማር እያንዳንዳቸው 40 በመቶ ሲወስዱ ለአንዲና ለጆይስ የሚደርሳቸው እያንዳንዳቸው 10 በመቶ ነበር። ከራፍ ትሬድ ጋር የተደረገውን ውል የፈረሙትም ሞሪሲና ማር ብቻ ናቸው። በ1989 አንዲና ጆይስ «ከአራት አንድ፣ ማለትም 25 በመቶ ይገባናል» ብለው ከሰሱ።

ከዚህ በኋላ የሁለቱ መንገድ ተለያየ። አንዲ ዕዳ ነበረበት። ክሱን እስከ መጨረሻ መግፋት አልቻለም። 83,000 ፓውንድ በአንድ ጊዜ ተቀብሎ፣ ለወደፊቱም በ10 በመቶው ረግቶ፣ ሌላ ጥያቄ ላያነሣ ተስማማና ወጣ። ጆይስ ግን ጠበቀ። ሰባት ዓመት ጠብቆ በ1996 ማብቂያ ላይ ፍርድ ቤቱ ፈረደለት። የፍርዱ መሠረት በ1890 የወጣው የእንግሊዝ የሽርክና ሕግ ነው። ሕጉ የሚለው ባጭሩ እንዲህ ነው፦ አብረው የሚሠሩ ሸሪኮች ሌላ ስምምነት ከሌላቸው ትርፉን እኩል ይካፈላሉ። ጆይስ በ10 በመቶ ተስማምቷል የሚያሰኝ ነገር ስላልተገኘ 25 በመቶ ተፈረደለት። ወደ ኋላ ተቆጥሮ የሚከፈለውም 1 ሚሊዮን ፓውንድ ያህል ይሆናል ተብሎ ተገመተ። ሞሪሲ ይግባኝ ቢልም በ1998 ውድቅ ሆነበት።

አንዲስ? በዚያው ባንድ፣ በዚያው ዘመን፣ ያንኑ ያህል ሠርቶ ከፍርዱ ምንም አላገኘም። አስቀድሞ ፈርሞ ወጥቷላ! በ1999 መክሰሩን አስታወቀ። ልዩነቱ የሥራ አልነበረም፤ የሙያም አልነበረም። አንዱ መጠበቅ ቻለ፣ ሌላው አልቻለም፤ በቃ ይሄው ነው። የቸገረው ሰው በድርድር ላይ ሁልጊዜ የሚሸነፍ ነው፤ እውነቱ ከእሱ ጋር ቢሆንም እንኳ።

ይህን በማደሪያችን ስናወራ ክርክር ተነሣ። ከመካከላችን አንዱ «ዜማውንና ግጥሙን የደረሱት ሁለቱ ናቸው፤ ታዲያ ቢበልጡ ምን ይደንቃል? ቤዝ ሌላ ሰውም ይጫወተዋል» አለ። ሌላው መለሰለት፦ «የድርሰቱ ክፍያ እኮ ሌላ ነው። ዘፈኖቹ በሁለቱ ስም ተመዝግበዋል፤ የደራሲነቱን ገንዘብም እነሱ ይወስዳሉ፤ የክሱ ነገርም እሱ አይደለም። የተጣሉት አራቱም አብረው ላላቡበት ሥራ በሚገባው ገንዘብ ነው።» ሦስተኛው ደግሞ «እኩል መካፈል ሁልጊዜ ግዴታ ነው እንዴ? ብዙ የሠራ ብዙ ቢወስድስ?» ሲል ጠየቀ።

እኛ የሦስተኛውን ጥያቄ ከልብ ወሰድነው። እኩል መሆን ሁልጊዜ ግዴታ አይደለም። የእንግሊዙም ሕግ ቢሆን ሸሪኮች በፈለጉት መጠን እንዲካፈሉ ይፈቅድላቸዋል። አራቱ ገና በመጀመሪያ ተቀምጠው «አንተ 40፣ አንተ 10» ብለው፣ ሁሉም «እሺ» ብሎ፣ በወረቀት ቢያሰፍሩት ኖሮ ማንም ፍርድ ቤት አይሄድም ነበር። 10 በመቶ ያለውም ይህ ለእኔ አይሆነኝም ብሎ ገና ሲጀመር ሌላ መንገድ በፈለገ ነበር። ክፉው ነገር በዝምታ የተደረገው ማካፈል ነው። ያልተነገረ ስምምነት ስምምነት አይደለም። አበው «በቃል ያለ ይረሳል፤ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ያሉት ለዚህ ነው።

ግን እኮ ይህን ማድረግ ከባድ ነው። ከ11 ዓመትህ ጀምሮ የምታውቀውን፣ ቤትህ ውስጥ ያስጠጋኸውን ጓደኛህን «ድርሻዬ ስንት ነው?» ብሎ መጠየቅ ያሳፍራል። «ለገንዘብ ነው እንዴ የምንጫወተው?» የሚል መልስ ያስፈራል። ስለዚህ ሰው ዝም ይላል። ሁሉም ጥሩ ነው በሚባልበት ጊዜ ዝም የተባለው ነገር ባንዱ ሲፈርስ ዓመታት የሚፈጅ ክስ ሆኖ ይወጣል። የድርሻ ነገር መነጋገር ያለበት ፍቅር ሳለ ነው፤ ፍቅር ካለቀ በኋላ የሚናገረው ጠበቃ ነው።

ከዚያ ወዲህ

አንዲ ሮርክ ግን በዚህ ሁሉ ከሙዚቃ አልወጣም። ስሚዝስ ከፈረሰ በኋላ ሞሪሲ ለብቻው ባወጣቸው አንዳንድ ዘፈኖች ላይ ተጫወተ፤ ለጥቂቶቹም ዜማ ደረሰ። ከሲኔድ ኦኮነር ጋር በ1990 አልበሟ ላይ፣ ከፕሪቴንደርስ ባንድ ጋርም በ1994 አልበማቸው ላይ ሠራ። በጃንዋሪ 2006 በማንቸስተር ለካንሰር ምርምር ገንዘብ ማሰባሰቢያ የሚሆን ታላቅ የሙዚቃ ዝግጅት ካዘጋጁት አንዱ እሱ ነበር። በዚያች ምሽት ከብዙ ዓመታት በኋላ ከጆኒ ማር ጋር በአንድ መድረክ ላይ ቆመው የጥንቱን ዘፈናቸውን ተጫወቱ። የዋሉበት ፍርድ ቤት፣ የተከፈለውና ያልተከፈለው ገንዘብ የሁለቱን ልጆች ጓደኝነት ጨርሶ አልገደለውም ነበር።

በ2009 ኑሮውን ወደ ኒው ዮርክ አዛወረ። እዚያ በሬዲዮ ሙዚቃ ያሰማ ነበር። ከአየርላንዳዊቷ ድምፃዊት ዶሎሬስ ኦሪዮርዳን ጋር ሆኖም በ2016 አንድ አልበም አወጣ። በሴፕቴምበር 2022 ማር በኒው ዮርክ ማዲሰን ስኩዌር ጋርደን ሲጫወት አንዲ ቤዙን ይዞ ወጣና አብሮት ተጫወተ። በሜይ 19 ቀን 2023 በቆሽት ካንሰር በ59 ዓመቱ ዐረፈ። መርዶውን ለዓለም ያሰማው ጆኒ ማር ነው። ለካንሰር ሕሙማን ገንዘብ ሲያሰባስብ የነበረ ሰው በዚያው በሽታ መሞቱ ያሳዝናል።

በሞቱ ማግስት ጋዜጦች ስለ ቤዙ በስፋት ጻፉ። ቤዝ ተጫዋቾችም ከእሱ የተማሩትን ተናገሩ። ጥሩ ነው። ግን በሕይወት ሳለ ድርሻውን የሚያህል ምስጋና ቢያገኝ ይሻል ነበር። እኛ ሰውን ከሞተ በኋላ ማመስገን ይቀናናል፤ ድንኳን ውስጥ የማይሞገስ ሰው የለም።

ለእኛስ?

ውድ ጓደኞቻችን፤ እኛ ባንድ የለንም። የቡድን ሥራ ግን አለን። አምስት ስድስት ሆነን የትምህርት መርጃ መሣሪያ እንሠራለን። አንዱ ካርቶን ይለምናል፤ አንዱ ይቆርጣል፤ አንዷ ሥዕሉን ትስላለች፤ አንዱ ሌሊት ቁጭ ብሎ ይጽፋል፤ አንዱ ደግሞ ክፍል ፊት ቆሞ ያቀርባል። ጭብጨባው ለማን ነው? ለአቅራቢው ነው። በእኛ ቡድን ስለዚህ ነገር ተነጋግረን አንድ ልማድ ይዘናል። ሥራው ሳይጀመር ማን ምን እንደሚሠራ በአንድ ወረቀት ላይ እናሰፍራለን። ሲያልቅም ወረቀቱን ከሥራው ጋር አያይዘን እናስረክባለን። መጀመሪያ ላይ «ምን ያስፈልጋል፣ ጓደኛሞች አይደለን?» ያሉ ነበሩ። ጓደኛሞች ስለሆንን ነው የሚያስፈልገው! ወረቀቱ ከተጀመረ ወዲህ «እኔ ብቻ ነኝ የሠራሁት» የሚል ኩርፊያ ቀንሷል። ሥራውን ለሌላ ጥሎ ዘወር የሚለውም ቀንሷል።

ልምምድ ወደምንወጣባቸው ትምህርት ቤቶች ይህንኑ ይዘን እንድንሄድ እናሳስባለን። ልጆች በቡድን ሠርተው ሲያመጡ ማርክ ከመስጠታችን በፊት «ማን ምን ሠራ?» ብለን እንጠይቅ። እጁን የማያወጣውን፣ ከኋላ ወንበር ጥግ ይዞ የተቀመጠውን በስሙ እንጥራው። ምናልባት ሥዕሉን የሠራው እሱ ነው። ምናልባትም ሌሎቹ የቆሙት በሱ ላይ ነው። የተማሪን ድርሻ ማወቅ ገንዘብ አያስወጣም፤ ጆሮ ብቻ ነው የሚፈልገው።

ለሙዚቃ ወዳጆች ደግሞ የምንለው አጭር ነው። ከዛሬ ጀምሮ ደስ የሚላችሁን ማንኛውንም ዘፈን፣ የአገር ቤቱንም ቢሆን፣ አንድ ጊዜ ዘፋኙን ትታችሁ ቤዙን ብቻ ተከተሉት። የተጫወተውንም ሰው ስም ፈልጉና ለጓደኛ ንገሩ። ያገኛችሁትን ስም ጽፋችሁ በዚህ ሰሌዳ ጥግ ብትለጥፉልን በሚቀጥለው እትም ሰብስበን እናወጣዋለን።

ቸር ይግጠመን።